መስታወት፣ በረሮና መንፈስ፦ ለሃሎዊን ድግስ የሚያስፈራ ከረሜላ በቤት ውስጥ እንዴት ይሠራል?

አሜሪካ ልጅ የሚያሳድግ ሰው ጥቅምት ሲገባ የሚሆነውን ያውቃል። የጎረቤት ደጃፍ ላይ አጽም ይሰቀላል፣ ዱባው ጥርስ ያወጣል፣ ልጆቹ ደግሞ «ምን ልልበስ?» እያሉ ጆሮ ያደነቁራሉ። ሃሎዊን፣ ልጆች የሚያስፈራ ልብስ ለብሰው በየቤቱ በር እያንኳኩ ከረሜላ የሚለምኑበት በዓል፣ በየዓመቱ ኦክቶበር 31 ነው። በእኛ አቆጣጠር ብዙውን ጊዜ ጥቅምት 21 ላይ ያርፋል። ይህን ለእናቴ ስነግራት «በማርያም ቀን?» ብላ አማተበች።

ይከበር አይከበር የሚለውን ክርክር ለየቤታችሁ ትቻለሁ። እኛ ቤት ልጆቹ አሸንፈዋል። በዓሉ ራሱም አሜሪካ የገባው በ19ኛው ክፍለ ዘመን ከአየርላንድና ከስኮትላንድ ስደተኞች ጋር ነው፤ እንደኛው መጤ ነው ማለት ነው። ዛሬ የማወራው ስለ ከረሜላው ብቻ ነው።

የምንሠራው ሦስት ነገር ነው፦ ደም የነካው የተሰበረ መስታወት፣ የቴምር በረሮ እና የሙዝ መንፈስ። ሦስቱም ለቤት ድግስ ናቸው እንጂ በር ለሚያንኳኩ ልጆች የሚታደሉ አይደሉም። እዚህ አገር ወላጆች ማታ የልጆቻቸውን ከረጢት ሲፈትሹ ከማያውቁት ቤት የመጣ፣ የፋብሪካ መጠቅለያ የሌለው ነገር ካገኙ ይጥሉታል። አልፈርድባቸውም፣ እኔም እጥላለሁ። ለበሩ የታሸገ ግዙ፤ በእጃችሁ የሠራችሁትን ለሚያውቋችሁ ሰዎች አቅርቡ።

ሌላው የእንግዶቹ ጉዳይ ነው። የሐበሻ ቤት ድግስ ከሆነ «ጾም ነው?» የሚል አይጠፋም። ሃሎዊን ረቡዕ ወይም ዓርብ የሚውልበት ዓመት አለ፤ 2025 ላይ ዓርብ ነበር። ጄላቲንም፣ ማለትም ከእንስሳ ቆዳና አጥንት የሚወጣው ማርጊያ፣ አለ። አሜሪካ ገበያ ላይ ያለው ማርሽሜሎ የሚባለው ለስላሳ ከረሜላና የሚለጠጠው የትል ቅርጽ ያለው ከረሜላ ብዙውን ጊዜ ከአሳማ የወጣ ጄላቲን አለበት። ይህ ለሙስሊሙም ለኦርቶዶክሱም እንግዳ አይሆንም። ሐላል የሚል ምልክት ያለውን ፈልጎ መግዛት ይቻላል። እኔ ግን ነገሩን ከሥሩ ልገላገለው ብዬ ጄላቲን የሌላቸውን መረጥኩ። መስታወቱና በረሮው የጾም ናቸው። መንፈሱ ነጭ ቸኮሌት ስላለው ወተት አለበት።

የተሰበረው መስታወት

ሥራ ያለው እዚህ ላይ ነው። ሌሎቹ ጨዋታ ናቸው።

የሚያስፈልገው 2 ኩባያ (400 ግራም ያህል) ስኳር፣ ሁለት ሦስተኛ ኩባያ ነጩ ኮርን ሲሮፕ (ከበቆሎ የሚሠራ ወፍራም የስኳር ፈሳሽ)፣ ሦስት አራተኛ ኩባያ ውሃ እና ወፍራም ቂጥ ያለው ድስት ነው። የከረሜላ ቴርሞሜትር ካላችሁ ግማሹ ሥራ አለቀ። የኦቭን ትሪ ላይ ፎይል አንጥፉና ስስ ዘይት ቀቡት። ይህን ቀድማችሁ አድርጉ፣ በኋላ ጊዜ የለም።

ስኳሩን፣ ሲሮፑንና ውሃውን ድስቱ ውስጥ ጨምሩና መካከለኛ እሳት ላይ ጣዱት። ስኳሩ እስኪሟሟ ድረስ አማስሉ። መፍላት ሲጀምር ማማሰያውን አውጡና ከዚያ በኋላ እንዳትነኩት።

ይህን ያልኩት በራሴ ስለደረሰ ነው። የመጀመሪያው ዓመት ድስቱ አጠገብ ቆሜ እንደ ሽሮ ሳማስለው ቆየሁ። እንግዶች ሊገቡ ሃያ ደቂቃ ሲቀር ያ እንደ ውሃ ጥርት ያለው ነገር በአንዴ ነጭ ሆነና ደረቀ። ከድስቱ የወጣው መስታወት ሳይሆን አሸዋ ነበር። የሟሟ ስኳር ሁልጊዜ ወደ ፍሬነቱ መመለስ ይፈልጋል። ድስቱ ጎን ላይ የቀረች አንዲት ፍሬ በማማሰያ ተገፍታ ከገባች ሌላውን ሁሉ ከኋላዋ ታስከትላለች። ኮርን ሲሮፑ የሚገባውም ለዚህ ነው፤ በውስጡ ያለው ግሉኮስ የስኳሩ ፍሬዎች እንዳይያያዙ መሐል ይገባል። ኮርን ሲሮፕ በማይገኝበት አገር ካላችሁ አንድ የሻይ ማንኪያ የሎሚ ጭማቂ ተመሳሳይ ሥራ ይሠራል። ድስቱ ጎን ላይ የተለጠፈ ስኳር ካያችሁ ሲፈላ ለሁለት ደቂቃ ክደኑት፤ እንፋሎቱ አጥቦ ያወርደዋል።

አሁን መጠበቅ ነው። ቴርሞሜትሩ ከ100 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ትንሽ አልፎ ይቆምባችኋል። ተበላሸ ብላችሁ እሳት አትጨምሩ፣ ውሃው እየተነነ ነው። ውሃው ሲያልቅ ቁጥሩ መሮጥ ይጀምራል። አረፋውም ይቀየራል፤ ትልልቁና የሚንጣጣው ወደ ትናንሽ፣ ወፈር ወዳለና ቀስ ብሎ ወደሚፈነዳ አረፋ ይሄዳል። የምትፈልጉት 149 ዲግሪ ነው፣ በፋራናይት 300። ከ154 ካለፈ ቢጫ እየሆነ ይሄዳል፣ ወደ 160 ሲደርስ ወደ ቡናማ መሄድ ይጀምራል። ለመስኮት መስታወት ቢጫ አይሆንም፤ ለቢራ ጠርሙስ ስብርባሪ ግን ያምራል።

ከፍታ ቦታ የምትኖሩ ደግሞ ቁጥሩን ቀንሱ። ውሃ አዲስ አበባ ላይ የሚፈላው 92 ዲግሪ አካባቢ፣ ዴንቨር ላይ 95 አካባቢ ነው። ቴርሞሜትሩን መጀመሪያ የፈላ ውሃ ውስጥ ንከሩት። ከ100 በስንት እንደጎደለ እዩና ከ149 ላይ ያንኑ ያህል ቀንሱ። ዴንቨር ያላችሁ 144 ላይ አውርዱት ማለት ነው።

ቴርሞሜትር ከሌለ በማንኪያ ጫፍ ትንሽ አንስታችሁ በረዶ ውሃ ውስጥ ጠብ አድርጉ። አውጥታችሁ ስታጥፉት ከተለመጠ ገና ነው። ቀጭ ብሎ ከተሰበረ ደርሷል።

እሳቱን አጥፉ። አረፋው ጋብ ሲል ማጣፈጫ ካላችሁ ጥቂት ጠብታ ጨምሩ፤ ቀድሞ ከገባ ሽታው በንኖ ያልቃል። እኔ የሚንት እጨምራለሁ፣ እናቴ «የጥርስ ሳሙና» ብትለውም። ከዚያ ትሪው ላይ አፍስሱትና ትሪውን ይዛችሁ እያዘነበላችሁ አዳርሱት። ውፍረቱ ከ3 እስከ 4 ሚሊሜትር ይበቃል። ድስቱ ቂጥ ላይ የቀረውን አትፋቁ።

እዚህ ላይ ልጅ ወጥ ቤት አይግባ። የፈላ ውሃ ቢነካችሁ ይፈስሳል፤ ይህ ግን ቆዳ ላይ ተለጥፎ ያቃጥላል። አጠገባችሁ አንድ ሳህን ቀዝቃዛ ውሃ ይቀመጥ።

ከአንድ ሰዓት በኋላ ፎይሉን ላጡትና በማማሰያ ጀርባ መሐሉን አንዴ መታ አድርጉት። እዚህ ልጆቹን ጥሩ፣ ዓመቱን ሙሉ የሚያወሩት ይህቺን ድምፅ ነው። ግን ሰባሪው አንድ ሰው ይሁን፤ ጠርዙ እውነትም ስለት ነው። እኔ ትልልቁን ስባሪ ኬክ ላይ ለጌጥ እሰካለሁ። ለሚበላው ገና ትኩስ እያለ በማንኪያ እንደ ሳንቲም ክብ ክብ አድርጌ አፈስሳለሁ። ከአራት ዓመት በታች ላለ ልጅ ጠንካራ ከረሜላ አይሰጥም፣ ያንቃል።

ደሙ ቀላል ነው። ሩብ ኩባያ ኮርን ሲሮፕ ላይ ቀይ የምግብ ቀለም ጠብ አድርጉ። ብቻውን የቤሪ ጁስ ይመስላል። በቢላ ጫፍ የምትነሳ ካካዎ ስትጨምሩበት ነው ደም የሚሆነው። የስባሪውን ጠርዝ ነክራችሁ አቁሙት፣ ቁልቁል ይውረድ። ይህን የምታደርጉት ሊቀርብ ሲል ነው፤ አስቀድሞ ከተቀባ ስኳሩ እርጥበቱን ይጠጣና ይጣበቃል።

የቴምር በረሮ

እናቴ ለጉብኝት የመጣች ዓመት ትሪውን ጠረጴዛው ላይ ትቼ በር ልከፍት ሄድኩ። ስመለስ ነጠላ ጫማዋን አውልቃ አንስታለች። ሁለቱ አልተረፉም። ስለዚህ ይህ እንደሚሠራ ዋስ እሆናለሁ።

ቴምሩን ስትመርጡ ወፍራሙን መጁል ተዉት፣ ለበረሮ በጣም ይገዝፋል። ደግለት ኑር የሚባለው ቀጠን፣ ረዘም ያለና ቡናማ ነው፤ ክንፍ የታጠፈበት ይመስላል። ገልፍ አገር ያላችሁ ምርጫው ሞልቶላችኋል። ሃያ ፍሬ ያዙ፣ ጎኑን ሰንጥቃችሁ ፍሬውን አውጡና ውስጡን በለውዝ ቅቤ ሙሉት። እንግዶቹ ውስጥ ለውዝ የማይስማማው ልጅ ካለ በሱፍ አበባ ቅቤ ተኩት። ይህን ወላጆቹን አስቀድማችሁ ጠይቁ፣ በግምት አይሆንም።

እግር ለመሥራት 100 ግራም ጥቁር ቸኮሌት አቅልጡ። ለጾም ከሆነ ጀርባውን አንብቡ፤ ጥቁር ሆኖ ወተት ያለበት ብዙ ነው። የቀለጠውን ትንሽ ፌስታል ውስጥ ጨምሩና ጫፉን በመቀስ ቁንጥር አድርጉ። የመጋገሪያ ወረቀት ላይ ቀጫጭን መስመር እየሳላችሁ ፍሪጅ አስገቡት። ሲጠነክር ለእያንዳንዱ ስድስት እግርና ሁለት አንቴና በቸኮሌት ጠብታ አጣብቁ። ስድስት ነው ያልኩት፣ ስምንት የሸረሪት ነው። የሦስተኛ ክፍል ልጅ ይቆጥርባችኋል፣ ልጄ ቆጥሮብኛል።

በመጨረሻ ጀርባውን በጣት ጫፍ ትንሽ ሲሮፕ ቀቡት። ያ ማብረቅረቁ ነው ሰው የሚያስጮኸው። ትሪው ላይ አትደርድሯቸው። በረሮ አይሰለፍም። አንዱን ከናፕኪን ሥር ግማሽ አካሉን አስወጡት፣ አንዱን የስኳር ዕቃው አጠገብ ተዉት።

የሙዝ መንፈስ

ይህን ትናንሽ ልጆች ራሳቸው ሊሠሩት ይችላሉ። አራት ሙዝ ላጡ፣ እኩል ከሁለት ቁረጡ፣ በተቆረጠው በኩል የአይስክሬም እንጨት ስኩና ሁለት ሰዓት ፍሪዘር ውስጥ አቆዩ።

300 ግራም ነጭ ቸኮሌት ከአንድ የሾርባ ማንኪያ የኮኮናት ዘይት ጋር ማይክሮዌቭ አስገቡ። ኃይሉ ግማሽ ላይ ይሁን፣ በየ30 ሰከንዱ አውጥታችሁ አማስሉ። ነጭ ቸኮሌት ከጥቁሩ ይልቅ ቶሎ ያርራል። ሌላው ጠላቱ ውሃ ነው። እርጥብ ማንኪያ ከገባበት ይቋጠርና እንደ ቂንጬ ይሆናል። እንደዚያ ከሆነ ለመንከሪያነት አይመለስም፤ ትኩስ ወተት ጨምሩበትና ለልጆቹ አጠጧቸው።

የቀለጠውን ረጅም ብርጭቆ ውስጥ ገልብጡና ሙዙን ነክራችሁ አውጡ። ሙዙ በረዶ ስለሆነ ቸኮሌቱ ወዲያው ይይዛል፣ አትዘግዩ። ከበረሮው እግር የተረፈ ጥቁር ቸኮሌት ካለ በስቴኪኒ ጫፍ ሁለት ዓይንና አንድ የተከፈተ አፍ ሳሉበት። ዓይኖቹን እኩል ለማድረግ አትጨነቁ፣ የተንሸዋረረ መንፈስ የበለጠ ያስፈራል። ፍሪዘር ውስጥ ይቆይና ከመቅረቡ አሥር ደቂቃ በፊት ይውጣ።

መቼ ምኑ ይሠራ?

መስታወቱን ከሁለት ቀን በፊት ሥሩ፤ ዝናብ የሌለበት ቀን ይሁን፣ እርጥበት ያጣብቀዋል። በመሐሉ ወረቀት እየጣላችሁ ጥብቅ ክዳን ያለው ዕቃ ውስጥ አስቀምጡት። ፍሪጅ ውስጥ አታስገቡት፣ ሲወጣ ላብ ያወጣል። በረሮው በዋዜማው፣ ሙዙ በዕለቱ ጠዋት ይደርሳል።

ድስቱ ላይ የደረቀውን ስኳር በሽቦ ለመፈግፈግ አትድከሙ። ውሃ ሙሉበትና መልሳችሁ ጣዱት። ሲፈላ ራሱ ይለቃል፣ እናንተ እንግዶቹ ዘንድ ሂዱ።