ሳርፓንቹን እናውርድ ሲባል የሚሠሩ ስህተቶች

ሕንድ አገር የተማረ ወዳጄ «ሳርፓንች ማለት የእኛ የቀበሌ ሊቀመንበር ነው፣ በቃ» ይለኛል። ግማሹ እውነት ነው። ሳርፓንች የመንደር ምክር ቤቱ፣ የግራም ፓንቻያቱ፣ ተመራጭ ኃላፊ ነው። ግን እሱን ከወንበሩ ማንሳት እንደ ወሬው ቀላል አይደለም። አንዳንዱ ክርክር ዴልሂ፣ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ድረስ ይዘልቃል። ጉዳዮቹን ሳነብ ሰዎች የሚወድቁት እዚያው በእዚያው ጉድጓድ ነው። (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

አንደኛው ስህተት ሳርፓንች የሚወርድባቸውን ሦስት በሮች ማደባለቅ ነው። ምክር ቤቱ የመተማመኛ ድምፅ ሊነፍገው ይችላል፤ ድምፁ ከሞላ ጥፋት ማስረዳት አይጠበቅም። ባለሥልጣን በጥፋት ሊያነሳው ይችላል፤ ያኔ ክስ፣ ማስረጃና መልስ የመስጠት ዕድል የግድ ነው። ሦስተኛው በር ብቁነት ማጣት ነው፤ የመንግሥት መሬት ይዞ መገኘት አንዱ ምክንያት ነው። በአንዱ በር ገብተው የሌላውን ማስረጃ ይዘው የሚቆሙ ሰዎች ዳኛ ፊት ይደናገራሉ። «መተማመኛ ድምፅ መንፈግ ራሱ ሕገ መንግሥቱን ይጥሳል» የሚለው መከላከያም አያዋጣም፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2010 ዘግቶታል።

ሁለተኛው፣ ለመላው ሕንድ አንድ ሕግ ያለ መምሰል። የ1992ቱ 73ኛ ማሻሻያ ፓንቻያትን ሕገ መንግሥት ውስጥ አስገባ እንጂ ማን እንዴት ይነሳል የሚለውን ለክልሎቹ ተወ። ኡታር ፕራዴሽ ውስጥ ፕራድሃን ይሉታል፤ የሚያወርደውም የመንደሩ መራጭ ጉባኤ ነው፣ በ15 ቀን ማስታወቂያ ተጠርቶ። ማሃራሽትራ ሌላ ነው። ስለዚህ የጎረቤት ክልል ፍርድ ይዞ መሟገት ብዙም አያስኬድም።

ሦስተኛው ሒሳብ ነው። አትሳቁ። ማሃራሽትራ ውስጥ ሳርፓንቹን የመረጡት አባላቱ ከሆኑ፣ ለማውረድ አብዛኛውን ጊዜ ሁለት ሦስተኛ ድምፅ ያስፈልጋል። ሁለት ሦስተኛው የሚሰላው በዕለቱ ከመጡት አይደለም፣ ድምፅ የመስጠት መብት ካላቸው አባላት ሁሉ ነው። ምክር ቤቱ 7 አባላት አሉት እንበል። ሁለት ሦስተኛው 4.67 ገደማ ነው። አራት እጅ ሲወጣ «አለቀለት!» ብሎ ሻይ ማዘዝ የለም፤ አምስተኛ እጅ ያስፈልጋል። ሳርፓንቹም እዚያው ተቀምጦ ይናገራል፣ ድምፅም ይሰጣል። መንደሩ በቀጥታ የመረጠው ከሆነ ደግሞ ሦስት አራተኛ ድምፅ ተገኝቶም አያበቃም፣ የመንደሩ ጉባኤ በምስጢር ድምፅ ማጽደቅ አለበት። ትክክል ይመስለኛል። መንደሩ የሰጠውን ጥቂት ሰው ለብቻው አይነጥቅም።

ቀንም ያው ነው። እዚያው ማሃራሽትራ ታህሲልዳር የሚባለው ሹም ጥያቄው በደረሰው በ7 ቀን ውስጥ ስብሰባ ይጠራል። የወረደው ሳርፓንች ውሳኔውን የሚቃወም ከሆነም ለኮሌክተሩ፣ ማለትም ለአውራጃው አስተዳዳሪ፣ ለማመልከት ያለው 7 ቀን ነው። ዘመድ አዝማድ ሲያማክር ሳምንቱ ያልፍበታል።

የባሰው ስህተት ተመራጭን እንደ ተቀጣሪ ሠራተኛ ማባረር ነው። በተለይ ሴት ስትሆን። በማሃራሽትራ፣ ጃልጋኦን አውራጃ፣ ቪችኬዳ በምትባል መንደር አንዲት ሳርፓንች «ከአማቷ ጋር በመንግሥት መሬት ላይ በተሠራ ቤት ትኖራለች» ተብላ ተነሳች። እሷ ከባሏና ከልጆቿ ጋር ኪራይ ቤት ነኝ አለች። የአውራጃውም የበላይም ሹሞች ጉዳዩን በቅጡ ሳያጣሩ አጸደቁት። በ2024 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ መለሳት፤ መንደርተኛው በሴት መመራቱን አልዋጥ ብሎት እንደሆነም ዳኞቹ ሳይሸሽጉ ተናገሩ።

በዚያው ዓመት ኅዳር ላይ የቻቲስጋርህ ክልል ጉዳይ መጣ። የሳጅባሃር መንደር ወጣት ሳርፓንች የተነሳችው ግንባታ ዘገየ ተብሎ ነው። ፍርድ ቤቱ ግንባታ በመሐንዲስ፣ በኮንትራክተር፣ በዕቃ አቅርቦትና በዝናብ እንደሚወሰን አስታውሶ ወንበሯን መለሰላት። ክልሉም 100,000 ሩፒ እንዲከፍላት አዘዘ። ክልሉ ከፈለገ ገንዘቡን ካንገላቷት ሹሞች ኪስ ማስመለስ ይችላል ተባለ።