ብርጭቆው ተመልሶ ለምን ድጋሚ ይሰበራል? የቅልበሳ ችግሮችና መፍትሄዎቻቸው

ይህን የምጽፈው ጊዜን መቀልበስ ለጀመሩ ሰዎች ነው። ድርጊቶቹ ከመጀመሪያው ወደ መጨረሻው በፈትል ላይ ይቋጠራሉ፣ ከመጨረሻው ወደ መጀመሪያው ይፈታሉ። ይህ እንግዳ የሆነበት ሰው ፈትሉን ያስቀምጥና መጀመሪያ መሠረቱን ይማር።

ምልክት፦ ምንም ነገር አይመለስም።

ፈትሉን እዩት። አብዛኛውን ጊዜ ናይሎን ሆኖ ይገኛል። ናይሎን ያንሸራትታል። ቋጠሮው ሳትነኩት ይላላል፣ የላላ ቋጠሮ ደግሞ ምንም አይዝም። ሻጩ «ንጹህ ጥጥ ነው» ቢላችሁም ጫፉን በእሳት ፈትኑት። ጥጥ ነዶ አመድ ይሆናል። ናይሎን ይቀልጥና እንደ ዶቃ ይጠጥራል። ሰው የሚያንገበግበውን ቀን አምኖ የሚቋጥርበትን ክር አስመስሎ መሸጥ በጣም ያናድደኛል።

ምልክት፦ ዕቃው ድኗል፣ የመሰበሩ ድምፅ ግን ዘግይቶ ይሰማል።

ድምፁን ሳትቋጥሩት ቀርታችኋል። ድምፅ በአየር ውስጥ በሰከንድ 340 ሜትር ያህል ይጓዛል። በ3 ሰከንድ ከ1 ኪሎ ሜትር በላይ ሄዷል ማለት ነው። ከስብራቱ ቀጥሎ የራሱን ቋጠሮ ስጡት።

ምልክት፦ የቀዘቀዘው ውሃ ለብ ከማለት አያልፍም።

በሩ ክፍት ነበር፣ ሙቀቱ ወጥቷል። ዝጉና ድገሙት።

ምልክት፦ ነገሩ ይመለሳል፣ ከዚያ ያው ጥፋት እንደገና ይደርሳል።

ሰው ሁሉ ይዞብኝ የሚመጣው ይህን ነው። ይዞት እንደመጣ ግን አያውቅም።

አንድ ሰው ስለ ፈትሉ ሊያማርር መጣ። «ትናንት ነው የገዛሁት፣ በአንድ ሌሊት ሳስቶ አደረ» አለኝ። ተቀብዬ አየሁት። ጥሩ ጥጥ ነው። ግን ቋጠሮ ባረፈበት ቦታ ሁሉ ጸጉር አውጥቷል፣ ብዙ ጊዜ ታስሮ ብዙ ጊዜ የተፈታ ነው። ፈትል ከቅልበሳው ውጭ ስለሆነ አይታደስም። «ምን ልትቀለብስበት ነበር?» አልኩት። «ገና ምንም» አለኝ። «ቤት ውስጥ ምን እያደረግክ ነበር?» «ምንም። በአዲሱ ወፍራም ብርጭቆ የፈላ ውሃ ልቀዳ ስል ፈትሉን አየሁትና መጣሁ።»

ያን ብርጭቆ ሌሊቱን ሙሉ ሲሰብረው፣ ሲመልሰው፣ ሲሰብረው ነው ያደረው። የፈላ ውሃ ሲገባበት ውስጡ ቶሎ ሞቆ ይለጠጣል፣ ውጩ ገና ቀዝቃዛ ነው። ወፍራም ሲሆን ሙቀቱ ወደ ውጭ እስኪደርስ ይዘገያል፣ ስለዚህ ከስሱ ይልቅ እሱ ይሰነጠቃል። ሰውየው ይህን የተማረው ከስብራቱ ነው። ስብራቱ ሲፈታ ትምህርቱም አብሮ ተፈታ። ያው እጅ፣ ያው ማንቆርቆሪያ፣ ያው አለማወቅ።

ምክንያቱ ይኸው ነው። ውጤቱን ስትሽሩ ውጤቱ ያስተማራችሁንም ትሽራላችሁ።

ብዙዎች ቋጠሮ በመጨመር ሊያመልጡ ይሞክራሉ። አንድ ሰዓት ካልበቃ አንድ ቀን ይላሉ። እባካችሁ ይህን አታድርጉ! ወደ ኋላ በራቃችሁ ቁጥር የምትረሱት ይበዛል። በወረቀት ጽፎ ማስቀመጥም አይሠራም። ወረቀቱ ክፍሉ ውስጥ ካለ ቀለሙ ወደ እስክሪብቶው ይመለሳል።

መፍትሄው የምስክር ቋጠሮ ነው። የመጀመሪያውን ቋጠሮ ከመፍታታችሁ በፊት ሌላ ፈትል ግራ እጃችሁ ላይ እሰሩ። በዋናው ፈትል ላይ ፈጽሞ እንዳትቋጥሩት። በተረፈ ቁራጭም አትሥሩት፣ ከዋናው የተቆረጠ ከዋናው ጋር ይፈታል። ቋጠሮውን ስትነኩት የተቋጠረበት ቃል ትዝ ይላችኋል።

ቃሉ ላይ ነው ሁሉም የሚሳሳተው። እኔም ለረጅም ጊዜ «ብርጭቆው ተሰበረ» እያልኩ እቋጥር ነበር። ይህ ወሬ ነው። ድርጊቱ ሲጠፋ ወሬውም ይጠፋል፣ ባዶ ቋጠሮ እጃችሁ ላይ ይቀራል። ትዕዛዝ ቋጥሩ፦ «መጀመሪያ በለብታ ውሃ አሙቀው»። ትዕዛዝ እውነት ለመሆን የሆነ ነገር አያስፈልገውም።

ትዕዛዙም ቢሆን ሥሩን መንካት አለበት። አንዲት ልጅ ለእህቷ የተናገረችውን ክፉ ቃል ልትመልስ ፈለገች። የምስክር ቋጠሮዋ «ዝም በይ» ይል ነበር። እህትየው ትጠይቃታለች፣ እሷ ዝም ትላለች፣ ዝምታው እህትየውን ያበግናታል፣ ክፉው ቃል ያው ይወጣል። ከቅልበሳው ውጭ ያስቀመጠችው ሻማ ቀልጦ ሊያልቅ ጥቂት ነበር የቀረው። ሻማው ነው ያዳናት። አጥሮ ስታየው ደንግጣ እጇን ሰበሰበችና ወደ እኔ መጣች። አብረን ተቀምጠን ከክፉው ቃል በፊት ምን ነበር፣ ከዚያስ በፊት እያልን ወደ ኋላ ሄድን። እህትየው መጀመሪያ የጠየቀቻትን ጥያቄ አልሰማቻትም ነበር። ቋጠሮውን «ጨርሳ እስክትናገር ስሚያት» ብለን ቀየርነው። በአንድ ጊዜ ሆነ።

ስለዚህ ሁልጊዜ ሻማ አብሩ፣ ከፈትሉም ከቋጠሮውም ውጭ አድርጉት። ልትጀምሩ ስትሉ ከምታስታውሱት በላይ አጥሮ ካገኛችሁት አቁሙ። አንድ ቋጠሮ እንኳ አትፍቱ። የሳሳ ፈትልም መሃል ላይ ከተበጠሰ ግማሹ ይመለሳል፣ ግማሹ ይቀራል፤ ይህን መጠገን አይቻልም።

ምልክት፦ እጃችሁ ላይ የምስክር ቋጠሮ አለ፣ ለምን እንዳሰራችሁት ግን አታውቁም።

ይህ ብልሽት አይደለም፣ ቅልበሳው ሠርቷል። የሚለውን ፈጽሙ። ሰዓቱ እስኪያልፍ አትፍቱት።