የህልም ገበያ ስትጽፉ ልታስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ተኝቶ ብቻ የሚገባበት ገበያ። የወለቀ ጥርስ በመደብ ተደርድሮ፣ የሟች ድምፅ በክንድ እየተለካ የሚሸጥበት። ልብ ወለድ የሚሞክር ሰው ይህ ሐሳብ ከመጣለት ወዲያው ብዕር ያነሳል። ችግሩ የሚጀምረው ሁለተኛው ገጽ ላይ ነው። እንዲህ ያሉ ታሪኮች የሚወድቁት ምናብ አንሷቸው አይመስለኝም። ገበያውን ገበያ ማድረግ ስለሚረሱ ነው።

«ህልም ስለሆነ ሁሉም ይቻላል» ማለት

ሁሉም ነገር እንደልብ ከተገኘ ማን ይከራከራል? ክርክር ከሌለ ደግሞ ገበያ የለም። ባለታሪኩ ክንፍ አምሮት ወዲያው ክንፍ ካበቀለ አንባቢው የሚጨነቅለት ነገር አያገኝም። አንድ ነገር ውድ ይሁን። ሌላው ደግሞ ጭራሽ አይሸጥ።

ዋጋውን «አንድ ትዝታ» ብሎ ማለፍ

ትዝታ የሚከፈልባቸው ታሪኮች በዝተዋል። ይሁን፣ ክፋት የለውም። ግን ስንት ነው? መልስ አለው? የትናንት ምሳና የልጅነት ጥምቀት እኩል ነው የሚገዙት?

እዚህ ላይ የራሳችን ታሪክ ይበቃናል። አሞሌ ጨው እስከ 20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ድረስ ከማርትሬዛ ብር ጎን ለጎን ገንዘብ ነበር። ጨው የሚቆረጠው አፋር በረሃ ነው። ከዚያ በራቀ ቁጥር ይወደዳል። ሰሜን ላይ በአንድ ብር ብዙ አሞሌ ይገኛል፤ ደቡብና ምዕራብ ሲደርስ ያው ብር የሚገዛው ጥቂት ነው። ይህን ወደ ህልም ውሰዱት። ትዝታ ከተወለደበት ቀን በራቀ ቁጥር ይወደድ። የትናንቱ ምሳ በቁና ይሰፈር፣ በ5 ዓመት ዕድሜ የታየ ዝናብ ግን በጠብታ ይቆጠር። በዚህች ሕግ ብቻ ሽማግሌው ባለጠጋ፣ ልጁ ድሃ ይሆናል። መርሳት የጀመሩ አያት ደግሞ በየሌሊቱ ኪሳቸው እየሳሳ ይመጣሉ። ታሪኩ ከዚህ በኋላ ራሱን ይጽፋል።

ገበያውን በጠረን መሙላት

ገበያ የሚጽፍ ሰው ሁሉ ከአፍንጫ ይጀምራል። በርበሬው፣ ዕጣኑ፣ የተቆላው ቡና። ለእውኑ ገበያ ልክ ነው። ህልም ግን ሌላ ነው። ሰዎች ህልማቸውን ሲናገሩ በብዛት ያዩትንና የሰሙትን ነው የሚያወሩት። ሽታና ጣዕም የሚጠቀሱት እጅግ አልፎ አልፎ እንደሆነ የህልም ጥናቶች ደጋግመው አሳይተዋል።

ስለዚህ በህልም ገበያ ሽታ ብርቅ ዕቃ ነው። የቡና ሽታ የሚሸጥበት አንድ ሱቅ ብቻ ይኑር፣ ሰልፉም እስከ መንደር ይድረስ። ማን ያቀርበዋል? ዓይነ ስውር ሆነው የተወለዱ ሰዎች ህልማቸው ምስል የለውም፤ ድምፅ፣ ዳሰሳ፣ ሽታና ጣዕም ግን ከሌላው ሰው ይበዛበታል። የሽታ ተራው ነጋዴ ተገኘ። ከዚህ የተሻለ ገጸ ባሕርይ ፍለጋ አትድከሙ።

ባለታሪኩን ማስደነቅ

«ዓይኑን ማመን አቃተው» የሚለውን ዐረፍተ ነገር ሰርዙት። በህልም ሰው ብዙም አይደነቅም፤ ነገር የሚያመዛዝነው የፊተኛው የአንጎል ክፍል በዚያ ሰዓት ሥራው ይቀዘቅዛል። የሞተ አጎቱን ቲማቲም ሲሸጥ ቢያገኘው ዋጋ ነው የሚጠይቀው።

«ጋሼ፣ መጨረሻው ስንት ነው?»

«ላንተማ ምን እላለሁ። ውሰድ፣ እመርቅልሃለሁ።»

መደንገጡን ለአንባቢው ተዉለት።

ሰዓቱን መርሳት

የባቲ ገበያ ሰኞ ነው። የህልም ገበያም የራሱ ሰዓት አለው። እ.ኤ.አ. በ1953 ቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ዩጂን አሰሪንስኪና ናትናኤል ክላይትማን ዓይን ከቆቡ ሥር ቶሎ ቶሎ የሚንቀሳቀስበትን የእንቅልፍ ክፍል ይፋ አደረጉ። ደማቅ ህልም የሚበዛው በዚህ ክፍል ነው። በየ90 ደቂቃው ገደማ ይመላለሳል። መጀመሪያ ላይ ለጥቂት ደቂቃ፣ ንጋት ሲቃረብ ግን ግማሽ ሰዓትም ሊቆይ ይችላል። ስለዚህ እኩለ ሌሊት ላይ ያለው ጉሊት ነው፤ ሌሊት 11 ሰዓት ላይ መርካቶ ይሆናል። የሌሊት ዘበኛ ቀን ሲተኛ የትኛው ገበያ ይደርሳል? ይህን የጻፈ ሰው ካለ ላንብብለት።

የባዕድ ድንክዬና ጠንቋይ ማስገባት

ሹል ኮፍያ ያለው ጠንቋይ ለምን አስፈለገ? አሮጌና ቁርጥራጭ ዕቃ የሚሸጥበት የመርካቶው ምናለሽ ተራ ራሱ ግማሽ ህልም ነው። ደላላም አለን፦ ህልም ፈቺ። «ህልም እንደ ፈቺው ነው» ከተባለ፣ የዕቃውን ዋጋ የሚያወጣና የሚያወርደው እሱ ነው ማለት ነው። ጥርስ ሲወልቅ ማየት የዘመድ ሞት ነው በሚባልበት አገር የጥርስ መደቡ ላይ ማን ይቆማል? ፈቺው ለውጦ ካልፈታው በቀር። ዮሴፍንም አስታውሱ። የፈርዖንን የሰቡና የከሱ ላሞች ከፈታ በኋላ ጎተራ ሞላ፣ ረሃቡ ሲመጣም እህሉን ሸጠ። ከህልም ወደ ገበያ መሄጃው መንገድ ድሮ ተጠርጓል።

«ለካ ህልም ነበር» ብሎ መጨረስ

አንባቢው ከመጀመሪያው ያውቃል። ይልቅ ባለታሪኩ ሒሳብ ሳይዘጋ ይንቃ። ቀብድ ከፍሏል፣ ዕቃውን አልተረከበም። በማግስቱ ሌሊት ሲመለስ መደቡ ላይ ሌላ ሰው ተቀምጧል። ደረሰኙን ያወጣል። በህልም ጽሑፍ ደግመው ሲያነቡት መለወጥ ይወዳልና፣ አሁን የተጻፈው ገንዘብ እሱ የከፈለው አይደለም።