ላሟ ሳትከሳ፦ በድርቅ ጊዜ ሊወገዱ የሚገቡ ስህተቶች

"ይዘንባል" እያሉ መቆየት። ከሁሉም የሚብሰው ይሄ ነው። ቦረና ላይ ከ2013 ዓ.ም. መግቢያ ጀምሮ አምስት የዝናብ ወቅት በተከታታይ ቀረ። እንዲህ ባለ ጊዜ ሁለተኛው ሲቀር አንድ ሁለት ከብት የሸጠ ሰው እህል ይገዛበታል፣ ለቀሩትም ድርቆሽ ያገኝበታል። አራተኛውን የጠበቀ ግን ሰው ደግፎ የሚያስነሳት ላም ታቅፎ ይቀራል። እሷን ማን ይገዛል? ያኔ ደግሞ ሁሉም ሻጭ ነው። ከብቱ ሲረክስ እህሉ ይወደዳል። ስለዚህ የጎድን አጥንቷ ሳይቆጠር ገበያ ትውጣ። ቀድመው የሚሄዱት ሰንጋውና ያረጀችው ላም ናቸው። ጊደሯ ትቆይ፤ መንጋው የሚተካው በእሷ ነው።

ዝናብ ሲጥል እፎይ ማለት። ድርቁን የቻለ ከብት በመጀመሪያው ቀዝቃዛ ዝናብ ሲሞት ማየት ያንገበግባል። የከሳውን አስጠልሉት። ለምለም ሣር ላይም በአንዴ አትልቀቁት፤ ሆዱን ይነፋዋል።

ሣር ባለበት ሁሉ ኩሬ መቆፈር። ይሄ እንኳ ከአርብቶ አደሩ ይልቅ የፕሮጀክት ሰዎች ስህተት ነው። ቦረናዎች ጥልቆቹን የቱላ ጉድጓዶች ለበጋ ያቆያሉ። ተራ የሚያስከብር "አባ ሄሬጋ" አላቸው። በበጋ ከብቱ በሦስት ቀን አንዴ ነው የሚጠጣው። ለክፉ ቀን የተከለለ ግጦሽ መሃል ኩሬ ሲቆፈር ግን መንጋው እዚያው ይከትማል። ውሃው ሳያልቅ ሣሩ ያልቃል።

ድፍርስ ውሃ ላይ ክሎሪን ጠብ ማድረግ። ጭቃው መድኃኒቱን ይበላዋል። ውሃው ይጥለል፣ በታጠፈ ንጹሕ ነጠላ ይጣራ፣ ከዚያ መድኃኒቱ ይግባ። ግማሽ ሰዓት ጠብቁ። ስምጥ ሸለቆ ያላችሁ ደግሞ ውሃው ውስጥ ያለውን፣ ሲበዛ ጥርስና አጥንት የሚጎዳውን ፍሎራይድ በማፍላት አታስወግዱትም። እንፋሎቱ ሲሄድ ፍሎራይዱ ድስቱ ውስጥ ይቀራል፤ ጭራሽ ይብሳል።

ዘር መብላት። ይሄን ስህተት ለማለት አፌ አይደፍርም። የራበው ምን ያድርግ? ፍየል ካለች ግን ከዘሩ በፊት እሷ ትሸጥ።

ጣራን መርሳት። 30 ካሬ ሜትር ቆርቆሮ ላይ 10 ሚሊ ሜትር ዝናብ ቢጥል 300 ሊትር ውሃ ነው። የሚባክነው ቢቀነስም ባለ 20 ሊትር ጄሪካን ከአስር በላይ ይሞላል። እያንዳንዱ 20 ኪሎ ነው፤ ያን ሁሉ ከምንጭ የምታመላልሰው ደግሞ እናት ወይም ልጅ ናት። መጀመሪያ የሚወርደውን ግን ድፉት፤ አቧራና የወፍ ኩስ ነው።