ከርቤን እንደ እጣን አትቁጠሩት፣ ሰው በብዛት የሚሳሳትባቸው ነገሮች

ከርቤ ላይ የምናየው ስህተት አብዛኛው የሚመጣው ከአንድ ነገር ነው፣ ሰው እጣን ይመስለዋል። ወርቅ፣ እጣን፣ ከርቤ እየተባለ አብሮ ሲጠራ ነው ያደግነው፣ ባለሱቁም ጎን ለጎን ነው የሚደረድራቸው፣ ስለዚ የእጣን ዓይነት ነው ብለን እናልፈዋለን። ዘመዳሞች መሆናቸው እውነት ነው፣ ግን ዛፉም ሌላ፣ ጠባዩም ሌላ፣ ሰውነት ላይ የሚሠራውም ሌላ ነው። መደባለቁ ደግሞ ዛሬ የተጀመረ አይደለም፣ የግብፅ ንግሥት ሃትሼፕሱት ከ3500 ዓመት ገደማ በፊት በአፍሪካ ቀንድ አካባቢ እንደነበረ ከሚታሰበው ከፑንት ምድር ከነሥራቸው በመርከብ ያስመጣቻቸው ዛፎች የከርቤ ይሁኑ የእጣን ሊቃውንቱ እስካሁን ይከራከሩበታል።

ከመግዛቱ እንጀምር። ቀለም ብቻ አይቶ መግዛት ትልቅ ስህተት ነው። በመተማ፣ በሁመራ፣ በትግራይ ቆላ የሚለቀመው ነጣ ያለው እጣን ቦስዌሊያ ከሚባለው ዛፍ ነው። ከርቤ ግን ኮሚፎራ ከሚባል እሾሃማ አጭር ዛፍ ነው፣ ሶማሌ ክልል፣ አፋር፣ ቦረና፣ የባሌ ቆላ፣ ከዛ ወዲያ ሶማሊያ፣ ሰሜን ኬንያና የመን ይበቅላል። ቀይ ቡናማ ሆኖ ላዩ አቧራ የለበሰ ይመስላል። አንዱን ቁራጭ ሰብራችሁ እዩት፣ ውስጡ ቅባት የነካው ዓይነት ነው፣ አንዳንዴ ነጭ ነጭ መስመር ይኖረዋል። በምላሳችሁ ጫፍ ብትነኩት ምሬቱ ወዲያው ነው የሚይዛችሁ። ምንም የማይመርና የማይሸት ከሆነ የግራር ሙጫ ሊሆን ይችላል። ሽታው ጣፈጥ ካለ ደግሞ አበከድ የሚሉት የከርቤ ዘመድ፣ የሌላ ዓይነት ኮሚፎራ ሙጫ ሊሆን ይችላል፣ እሱ ለሽቶ የሚፈለግ ጥሩ ነገር ነው ግን ከርቤ ብሎ መሸጥ ልክ አይደለም፣ ስለዚ አበከድ ነው ወይስ ከርቤ ብላችሁ በግልፅ ጠይቁ።

ማጨስ ላይ፣ እንደ እጣን አፍሶ መጨመር አይሆንም። ከርቤ ለብቻው ሲበዛ ጭሱ ይመራል፣ ጉሮሮ ይይዛል፣ ስለዚ ከእጣን ጋር ትንሽ ብቻ ጣል አድርጉ፣ ከሰሉም እየነደደ ሳይሆን ፍሙ አመድ ሲለብስ። ግን ከዚህ ሁሉ በላይ እባካችሁ በርና መስኮት ዘግታችሁ አታጭሱ። ጭሱ እንዳይወጣ ተብሎ አራስ ቤት ተዘግቶ ከሰል ሲነድ ካርቦን ሞኖክሳይድ የሚባል መርዛማ ጋዝ ይጠራቀማል፣ እሱ ደግሞ ሽታ የለውም፣ እናትና ጨቅላ እዛው ተኝተው ሊያልቁ ይችላሉ። አስም ያለበት ሰው ካለማ ጭራሽ ተዉት።

ሌላው ውሃ ውስጥ ማፍላት። ሰው ግማሽ ሰዓት አፍልቶ ለድድ ይጉመጠመጥበታል፣ ከዛ ምንም አልሠራልኝም ይላል። ምክንያቱም ከርቤ ውስጥ ውሃ የሚያሟሟው ሙጫው ነው፣ እሱም ከ30 እስከ 60 በመቶ ይሆናል፣ ከ25 እስከ 40 በመቶ የሚሆነው ሬንጅ መሰል ክፍል ግን የሚሟሟው በአልኮል ነው፣ ከድስቱ ሥር ተጣብቆ የሚቀረው እሱ ነው። ከ3 እስከ 8 በመቶ የሚሆነው ሽታ ያለው ዘይት ደግሞ ስታፈሉት በእንፋሎት ይሄዳል። ለዚህ ነው ለአፍ የሚዘጋጀው ቲንክቸር፣ ማለትም በአልኮል የተዘጋጀው። የአውሮፓ የመድኃኒት ኤጀንሲም ይሄን ቲንክቸር ለቀላል የአፍ ቁስለትና ለድድ ብግነት በባህላዊ መድኃኒትነት ይቀበለዋል። ውሃ ውስጥ ጠብ አድርጋችሁ ትጉመጠመጡና ትተፉታላችሁ፣ አትውጡት።

መዋጡ ላይ ነው እኔን በጣም የሚያሳስበኝ። ቲክቶክ ላይ ከርቤ ጠጡ፣ ለስኳር፣ ለማህፀን፣ ለጨጓራ፣ ለሁሉም ነው የሚሉ ቪዲዮዎች ሞልተዋል፣ እናቶቻችንም አምነው ይጠጣሉ። ነፍሰጡር ሴት ከርቤ መጠጣት የለባትም፣ ማህፀን ያነቃቃል፣ ፅንሱን ለአደጋ ያጋልጣል፣ ይሄ ድርድር የለውም። ደም ማቅጠኛ ዋርፋሪን የሚወስድ ሰው ከጠጣው የመድኃኒቱን ኃይል ሊቀንስበት ይችላል፣ የስኳር ኪኒን ወይም ኢንሱሊን የሚወስድ ደግሞ ስኳሩ ከልክ በላይ ሊወርድበት ይችላል። ሲበዛ ተቅማጥ ያመጣል፣ ኩላሊት ያስቆጣል፣ የልብ ምት ያዛባል። እማማ ወይ አባባ ቤት ውስጥ እየጠጡ ከሆነ አትቆጧቸው፣ ቁጭ ብላችሁ የሚወስዱትን ኪኒን እዩና ለሐኪማቸው ስለ ከርቤው ንገሩ፣ ምክንያቱም ራሳቸው አይናገሩም፣ መድኃኒት ነው ብለው አይቆጥሩትማ።

ኢሴንሻል ኦይሉን፣ ማለትም ከከርቤ ተለይቶ የሚወጣውን ሽታ ያለው ዘይት፣ እንዳለ ቆዳ ላይ መቀባትም ስህተት ነው፣ ያሳክካል፣ ሽፍታ ያወጣል፣ በሌላ ዘይት አቅጥኑት።

ሲወቀጥ ደግሞ ይሞቅና ሙቀጫው ላይ ማስቲሽ ይሆናል። መጀመሪያ ፍሪዘር ውስጥ ትንሽ አቆዩት፣ ከዛ በትንሽ በትንሹ ውቀጡ፣ ሲያስቀምጡትም ፀሐይ የማያገኘው ክዳን ያለው ጠርሙስ ውስጥ ይሁን።

የመጨረሻው ዛፉ ላይ የሚሠራ ስህተት ነው። እጣን ዛፉ ምንጋፍ በሚባል መላጫ እየተላጠ ነው የሚመረተው፣ ሰው ከርቤንም እንደዛው መጥረቢያ ይዞ ሄዶ ብዙ ብዙ ቦታ ቢያቆስለው ብዙ የሚያወጣ ይመስለዋል። ከርቤ ግን አብዛኛው ከቅርፊቱ ስንጥቅ በራሱ ጊዜ የሚወጣ ነው፣ አርብቶ አደሮቹ ከብት እየጠበቁ የደረቀውን ይለቅማሉ። በላይ በላዩ የቆሰለ ዛፍ ይዳከማል፣ ነፍሳት ይገቡበታል። ለከሰል የሚቆርጠውማ የዓመት ዓመት ገቢውን ነው የሚያነደው።

ዛፉን ለመትከል የምትፈልጉም አላችሁ፣ አዲስ አበባ ግቢያችሁ ውስጥ አትሞክሩት፣ ከ250 እስከ 1300 ሜትር ከፍታ ያለ ደረቅ ቆላ ነው የሚወደው፣ ብርድ አይችልም። ቆላ ቦታ ካላችሁ ቅርንጫፍ ቁረጡ፣ የተቆረጠበት እስኪደርቅ ጥላ ላይ አቆዩት፣ ውሃ የማይቋጥር አፈር ላይ ትከሉት፣ ውሃ ደግሞ አታብዙበት፣ ሥሩ ይበሰብሳል።