ውርስ አጣሪ ሲሾም ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

አባት ሞተው፣ ልጆች በቤት ኪራይ ተጣልተው፣ ፍርድ ቤት ውርስ አጣሪ ሾመ እንበል። በዚህ ሥራ ዓመታት ስለቆየሁ የወራሾችንም የአጣሪዎችንም ጥፋት አይቻለሁ። ከጥፋቶቹ አንዱ የእኔው ነው።

አጣሪውን እንደ ዳኛ መቁጠር። አንዲት እናት ቢሮዬ ድረስ መጥተው «ልጄ፣ ቤቱን ለማን ፈረድከው?» ብለውኛል። አጣሪ አይፈርድም። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ሥራውን ዘርዝሮታል፦ ወራሾቹን መለየት፣ የውርሱን ንብረት ማወቅ፣ ሟች ከሰው የሚፈልጉትን ገንዘብ መሰብሰብ፣ መክፈያው የደረሰ ዕዳቸውን መክፈል፣ በኑዛዜ የተሰጠውን ማድረስ። ቤቱ የሟች ብቻ ነው ወይስ የባልና ሚስት የጋራ የሚል ክርክር ሲነሳ አጣሪው የሁለቱንም ወገን ቃልና ማስረጃ ይመዘግባል፤ ክርክሩን የሚቋጨው ፍርድ ቤት ነው። ስለዚህ አጣሪውን ምሳ ከመጋበዝ ካርታውን፣ የግንባታ ፈቃዱንና የግብር ደረሰኙን ቅጂ በደብዳቤ ማስረከብ ይበልጣል። ምሳውማ በኋላ ለተቃራኒው ወገን የአቤቱታ ምክንያት ይሆናል።

ቆጠራን ማዘግየት። አንድ ጊዜ ለቅሶው ይብረድላቸው ብዬ ሦስት ሳምንት ታግሼ ሄድኩ። ሳሎኑ ውስጥ፣ ቡፌው ላይ፣ አቧራ ያልነካው አራት ማዕዘን ቦታ ቁጭ ብሏል፤ ቴሌቪዥኑ የነበረበት ነው። «ሁልጊዜም ባዶ ነበር» አለኝ ታላቅየው፣ ዓይኔን ሳያይ። ታናሽ እህቱ ምንም አልተናገረችም፤ በጣቷ የአቧራውን ጠርዝ ብቻ ተከትላ አሰመረች። ከዚያ ወዲህ ሹመቱ በእጄ በገባ ሰሞን ሁሉም ወራሾች ባሉበት እቆጥራለሁ፤ በየገጹ አስፈርማለሁ፤ አልፈርምም ያለ ካለም አለመፈረሙን እጽፋለሁ። ዋጋው ትንሽ ነው ተብሎ የሚታለፍ ዕቃ የለም። በወርቅ ከተጣሉት ይልቅ በአባታቸው ጋቢ የተጣሉት ሲብሱ አይቻለሁ።

የውርሱን ገንዘብ ከራስ ገንዘብ ጋር መቀላቀል። የእኔ ጥፋት ይህ ነበር። የሁለት ወር ኪራይ በራሴ የባንክ ሂሳብ ተቀበልኩ። አንድ ብር አልጎደለም፤ ማስረዳቱ ግን ከማጣራቱ የበለጠ ጊዜ ወሰደ። ሕጉ ውርስ እስኪጣራ ድረስ ራሱን የቻለ ንብረት ነው ይላል፤ ለወራሹ በግሉ ያበደረ ሰው እንኳን እስከዚያ ድረስ በዚያ ንብረት ላይ መብት የለውም። ያለ ደረሰኝ ኪራይ የሚሰበስበው ታላቅ ወንድምም ከዚህ ውጭ አይደለም። ተከራዮች ለማን እንደሚከፍሉ በጽሑፍ ይነገራቸው።

ያለ ሥልጣን መሸጥ። የሚበላሽ ነገርንና እህል ምርትን አጣሪው ሊሸጥ ይችላል። ሌላውን ተንቀሳቃሽ ዕቃ ዕዳ ለመክፈል በሚያስፈልገው መጠን ብቻ ይሸጣል። ቤት ለመሸጥ ግን የወራሾቹ ሁሉ ስምምነት ወይም የፍርድ ቤት ፈቃድ ያስፈልጋል። ከአምስት ወራሾች የአራቱን ፊርማ ይዞ የሚመጣ ገዢ ገንዘቡን በኪሱ ይዞ ቢመለስ ይሻለዋል።

የተዝካርን ወጪ ከቀብር ወጪ ጋር መደመር። በዚህ ብዙ ቤተሰብ ይናደዳል። ከውርሱ በቅድሚያ የሚከፈለው የቀብር ወጪ ነው፤ እሱም ከሟች የኑሮ ደረጃ ጋር የተመጣጠነ መሆን አለበት። ቀጥሎ የማስተዳደሪያና የማጣሪያ ወጪ ይመጣል፣ ከዚያ የሟች ዕዳ። የተዝካር ድግስ ግን ከቀብር ወጪ አይቆጠርም። በሬውን የገዛው ልጅ ደረሰኙን ይዞ ሲመጣ ይህን መንገር ደስ አይልም፤ ቢሆንም ገና ከድግሱ በፊት መንገር ይቻላል።

ውጭ አገር ሆኖ «ስመጣ እከራከራለሁ» ማለት። ወራሽነቱንና ንብረቱን ሌላ ሰው መያዙን ያወቀ ወራሽ ክስ የሚያቀርብበት ጊዜ ሦስት ዓመት ነው። በኤምባሲ በኩል ውክልና መላክ ከዚያ ያነሰ ጊዜ ይፈልጋል።

አጣሪውን በስድብ ለማስነሳት መሞከር። «ከወንድሜ ጋር ተመሳጥሯል» የሚል አንድ ገጽ ቁጣ ዳኛን አያሳምንም። ፍርድ ቤት በቂ ምክንያት ሲያገኝ አጣሪን ይሽራል። ስለዚህ ያልቀረበው ሂሳብ የየትኛው ወር እንደሆነ፣ ያለ ፈቃድ የወጣው ዕቃ በቆጠራው ስንተኛ ተራ ቁጥር ላይ እንዳለ፣ ማብራሪያ የጠየቃችሁበት ደብዳቤ መቼ እንደደረሰው ይጻፍ። ትእዛዝ ሳይወጣ የበር ቁልፍ መቀየር ደግሞ ጥፋተኛውን አጣሪ ተበዳይ ያደርገዋል።

የተሻረውም አጣሪ «ከእንግዲህ አያገባኝም» ብሎ አይሄድም። ሂሳቡን ያቀርባል፣ በጥፋቱ ለደረሰው ጉዳት ይጠየቃል። የድካሙ ዋጋ ካልተከፈለው ፍርድ ቤቱን ይጠይቅ እንጂ ቁልፉን መያዣ አያድርግ። ርክክቡ ሲፈጸም ሦስት ቅጂ ይዘጋጅ፦ ለመዝገቡ፣ ለአዲሱ አጣሪ፣ ለተነሳው። የቁልፎቹ ብዛትም በቁጥር ይጻፍ፣ የጓሮው በር ቁልፍ ጭምር።