የፔፔ ኢስበርትን የሙያ ታሪክ ሲጽፉ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ሆሴ ኢስበርት፣ በሕዝብ አጠራር ፔፔ ኢስበርት፣ በ1886 ማድሪድ ተወልዶ በ1966 እዚያው አረፈ። ስፔን በአምባገነኑ ጄኔራል ፍራንኮ ዘመን ካፈራቻቸው ረዳት ተዋናዮች እንደ እሱ የሚወደድ ጥቂት ነው። ስለ እሱ ሲጻፍ ግን የሚደጋገሙ ስህተቶች አሉ። (ዓመቶቹ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ስሙን በተሳሳተ ቦታ መመደብ። በስፔን ከመጠሪያ ስም ቀጥሎ የአባት ቤተሰብ ስም፣ ከዚያም የእናት ይመጣል። ሙሉ ስሙ ሆሴ ኢስበርት አልቫሩይዝ ስለሆነ በፊደል ተራ ሲዘረዘር የሚመደበው «ኢስበርት» ሥር ነው። እኛ ሰውን በመጀመሪያ ስሙ መመደብ ስለለመድን «ሆሴ» ሥር እንከተዋለን፤ የመጨረሻውን ስም የሚወስዱት ደግሞ «አልቫሩይዝ» ሥር ይደብቁታል። ሌላው ተዋናይ ሆሴ ሉዊስ ሎፔዝ ቫዝኬዝም በዚሁ ደንብ «ሎፔዝ» ሥር ይገባል። ፊልም ሲፈልጉ «ሆሴ»ንም «ፔፔ»ንም ይሞክሩ።

ታሪኩን ከ1953 መጀመር። ብዙዎች የሚያውቁት በዳይሬክተር በርላንጋ ፊልም «እንኳን ደህና መጡ፣ ሚስተር ማርሻል» ላይ ጆሮው የከበደውን ከንቲባ ሆኖ ስለተጫወተ ነው። ያኔ ግን ስድሳዎቹን አጋምሷል። ካሜራ ፊት የቆመው ገና በ1912፣ የጠቅላይ ሚኒስትር ካናሌሃስን ግድያ በሚያሳይ አጭር ፊልም ላይ ገዳዩን ሆኖ ነበር። ዋና ቤቱ ግን ለረጅም ዓመታት የማድሪድ ቴአትር ነበር። ይህን የዘለለ ጸሐፊ «ራሱን ብቻ የሚጫወት ደግ ሽማግሌ» ይለዋል። ቃል የሚቆርጥበት፣ ዝም የሚልበትና የሚደግምበት ጊዜ ግን መድረክ ላይ ለአሥርተ ዓመታት የተሠራ ሙያ ነው።

አንድ ዓመት ብቻ መጻፍ። በዚያ ዘመን ፊልም ተቀርጾ መደርደሪያ ላይ መቆየቱ የተለመደ ነው። በርላንጋና ሌላው ዳይሬክተር ባርደም «ኤሳ ፓሬሃ ፌሊዝ»ን አብረው የቀረጹት በ1951 ሲሆን የታየው በ1953፣ ከ«ሚስተር ማርሻል» በኋላ ነው። በ1963 የተሠራው «ኤል ሙንዶ ሲጌ»ም እስከ 1965 ጠብቋል። ስለዚህ የቀረጻንና የመጀመሪያ ዕይታን ዓመት ለየብቻ ይመዝግቡ፤ የተዋናዩን እድገት ሲተርኩ በቀረጻው ቅደም ተከተል ይሂዱ።

ድምፅንና ፊትን የአንድ ሰው አድርጎ መውሰድ። የስፔን ፊልሞች ድምፅ በብዛት የሚገባው ከቀረጻ በኋላ ስቱዲዮ ውስጥ ነበር። በ«ኤል ቬርዱጎ» (1963) ኢጣሊያዊው ተዋናይ ኒኖ ማንፍሬዲ በስፔንኛ የሚናገረው በስፔናዊው ተዋናይ ሆሴ ማሪያ ፕራዳ ድምፅ ነው። በ«ሚስተር ማርሻል» ደግሞ ፈርናንዶ ሬይ ፊቱ ሳይታይ ይተርካል። አነጋገርን ከማድነቅዎ በፊት ድምፁ የማን እንደሆነ ያረጋግጡ።

«ረዳት» ማለት «ትንሽ» ነው ብሎ ማሰብ። ከሁሉም የሚከፋው ይህ ነው። በ«ኤል ቬርዱጎ» ኢስበርት አማዴዮ የተባለ፣ ጡረታ የተቃረበ የሞት ቅጣት አስፈጻሚ ነው። ልጁ የቀብር ድርጅት ሠራተኛ ታገባለች፤ ለመንግሥት ሠራተኛ የሚሰጠው አፓርታማ እንዳይቀር አማቹ ሥራውን መውረስ አለበት። ታሪኩን የሚገፋው ሽማግሌው ነው፤ አስፈሪ ሥራውን እንደ ማንኛውም የቢሮ ሥራ ረጋ ብሎ ስለሚያወራ ወጣቱ እምቢ ማለት ያቅተዋል። ያ እርጋታ ባይኖር ፊልሙ ባልቆመ። በደቂቃ ቆጥሮ የሚመዝን ይህን አያገኘውም።

የሚሻለው ትዕይንቱን ሁለት ጊዜ ማየት ነው፦ መጀመሪያ ተናጋሪውን፣ ቀጥሎ የሚያዳምጠውን ብቻ። «ሚስተር ማርሻል» ውስጥ ከንቲባው ከሰገነት ላይ ሆኖ ለሕዝቡ ማብራሪያ እሰጣለሁ እያለ ያንኑ ይደጋግማል፤ ማብራሪያው ግን አይመጣም። አጠገቡ የቆመው ተዋናይ ማኖሎ ሞራን ንግግሩን ሲነጥቀው ኢስበርት ቦታውን እንዴት እንደሚለቅለት ያስተውሉ። ሳቁ የሁለቱም ሥራ ነው። በሌላ በኩል፣ በዳይሬክተር ማርኮ ፌሬሪ «ኤል ኮቼሲቶ» (1960) ዋናው ገጸ ባሕርይ ራሱ ኢስበርት ነው። «ዕድሜ ልኩን ረዳት» የሚለው ሐረግም ይሰረዝ።

የትኛውን ቅጂ እንዳዩ አለመግለጽ። «ኤል ኮቼሲቶ» ላይ ሽማግሌው ሞተር ያለው ተሽከርካሪ ወንበር ስለተከለከለ ቤተሰቡን ይመርዛል። ሳንሱሩ ፍጻሜውን አስለውጦ ተጸጽቶ እንዲያስጠነቅቃቸው አስደርጓል። አንዱን ፍጻሜ ያየ ሰው ስለ ገጸ ባሕርዩ የሚሰጠው ፍርድ ሌላውን ካየው ጋር ስለማይገጥም፣ ቅጂውን ከትንታኔው በፊት ይጥቀሱ።